የሜሮን ፕላትሌትና የእኔ አቤቱታ

የተማረ ሰው ሲታመም በሽታውም የተማረ እንዲሆን ይፈልጋል። ጉንፋን ያንሰዋል። ጨጓራ ምናልባት ይበቃው ይሆናል፤ እሱም ስሙ በእንግሊዝኛ ከተጻፈለት ነው። የታመመችው ልጁ ከሆነች ደግሞ ነገሩ ይብሳል፤ ሐኪሙ "ቀላል ነው" ሲለው ደስ በመሰኘት ፈንታ የተናቀ ይመስለዋል። አትሳቁ፤ ይህ ጠባይ እኔ ላይ ብቻ የበቀለ አይደለም።

እኔ ዲግሪ አለኝ። ከዲግሪው ጋር አንድ አቤቱታም አለኝ። የዛሬ አሥራ አንድ ዓመት እዚሁ ቦንጋ በምሠራበት መሥሪያ ቤት ለቡድን መሪነት ተወዳድሬ አንደኛ ወጣሁ። ውጤቱ ሰሌዳ ላይ ተለጥፎ በዓይኔ አይቼዋለሁ። በሦስተኛው ቀን ያ ወረቀት ተነሥቶ ሌላ ተለጠፈ፤ ሦስተኛ የነበረው ሰው አንደኛ ሆኗል፣ እኔ ተጠባባቂ። ሁለት ገጽ አቤቱታ ጽፌ አስገባሁ። "ጉዳዩ ይታያል" አሉኝ። ይኸው እስከ ዛሬ እየታየ ነው። ግልባጩን በሰማያዊ የፕላስቲክ ፎልደር ይዤ እዞራለሁ፤ ከማን ጋር እንደምገናኝ አላውቅማ።

ባለፈው ክረምት የአምስት ዓመቷ ልጄ ሜሮን ከንፈሯ ነጣ። ጓሮ ካለው እንሰት ሥር በባዶ እግሯ ስትሮጥ የምትውል ልጅ፣ ደጃፍ ላይ ተቀምጣ ሌሎቹን ማየት ጀመረች። ባለቤቴ ዘነበች ለአክስቷ ለቅሶ ሺሺንዳ ስለሄደች እኔው ይዣት ወደ አንድ ክሊኒክ ሄድኩ። ደም ተቀዳ። ውጤቱ ሲመጣ ፕላትሌት ከሚለው ቃል ጎን ወደ ላይ የቆመ ቀስት አየሁ። ፕላትሌት ማለት ስንቆስል ተረባርበው ደሙን የሚያቆሙት ጥቃቅን የደም ሕዋሳት ናቸው። የሜሮን ከልክ በላይ በዝተዋል።

ከላቦራቶሪው መስኮት እስከ ሐኪሟ ክፍል ሃያ እርምጃ ቢሆን ነው። እኔ ግን በሃያው እርምጃ ውስጥ ስልኬን ከፍቼ፣ "የደም ካንሰር" የሚለውን አንብቤ፣ ልጄን ልቀብር ምንም አልቀረኝም ነበር።

ሐኪሟ ደካ በምትባል ትንሽ ከተማ ያደገች፣ ቀስ ብላ የምትናገር ወጣት ናት። ልጆች ላይ ፕላትሌት ሲበዛ አብዛኛውን ጊዜ ፕላትሌቱ ራሱ በሽታ እንዳልሆነ ነገረችኝ፤ ሌላ ነገር ሰውነትን ሲያስቸግር የሚከተል ምልክት ነው። ያ ሌላ ነገር ኢንፌክሽን ሊሆን ይችላል፣ የሰውነት መቆጣት ሊሆን ይችላል፣ የብረት ማዕድን እጥረትም ሊሆን ይችላል። ደም ከሚሠራበት ከአጥንት መቅኔ ከራሱ የሚነሣው ዓይነት በልጆች ላይ እጅግ ብርቅ ነው። ስለዚህ ከተቀዳው ደም ጠብታ መስታወት ላይ ተቀብቶ በማይክሮስኮፕ ይታያል፤ የብረቱን መጠን ለመለካት ናሙና ወደ ጅማ ይላካል። ከዚያ ጥያቄ አበዛችብኝ። ትኩሳት ነበራት? ሳል? መገጣጠሚያዋ አብጦ ያውቃል? አፈር ትበላለች?

"የእኔ ልጅ?" አልኳት። ሌላ መልስ አልሰጠሁም፤ መልሱ ጥያቄው ውስጥ ያለ መስሎኝ።

እሷም ክዳን ያላት ትንሽ የፕላስቲክ ዕቃ አውጥታ ጠረጴዛው ላይ አኖረችልኝ። የሰገራ ምርመራ።

"ዶክተር፣ እኔ የመጣሁት ለደም ነው።"

"ገብቶኛል ጋሼ። ደሙ በየት በኩል እንደሚያልቅ ለማየት ነው።"

በዚህች ሰዓት ስንት ነገር ታየኝ መሰላችሁ። ሰሌዳው ታየኝ፣ ተጠባባቂ የሚለው ቃል ታየኝ። ለቡድን መሪነት ያነስኩ ሰው፣ አሁን ደግሞ ልጄ ለትልቅ ምርመራ አንሳ ሰገራ አምጡ ልባል? ዕቃዋን እዚያው ትቼ ሜሮንን አንሥቼ ወጣሁ። ባጃጅ ይዤ ወደ መናኸሪያ። ጅማ እንሄዳለን፤ የተማረ ሰው የሚከበርበት።

ሚኒባሱ እስኪሞላ አንድ ሻይ ቤት በረንዳ ላይ ተቀመጥን። ዝናቡ አባርቶ የሻይ ቤቱ የጭቃ ግድግዳ ረጥቧል። ትኬት ጠይቄ ዞር ስል፣ ሜሮን ከግድግዳው ላይ ቁራሽ በጥፍሯ ፈልቅቃ አፏ ውስጥ ከተተች። ደግሞ አፈለቃቀቋ የጀማሪ አልነበረም። ወዲያ ወዲህ አላለችም፣ አልተጣደፈችም፤ የደንበኛ አያያዝ ነበር።

"ሜሮኔ፣ ምንድን ነው የምትበዪው?"

"የቤታችን ይሻላል" አለችኝ እያኘከች።

ሺሺንዳ ደወልኩ። ዘነበች ታውቃለች። ከፋሲካ ጀምሮ ታውቃለች። መኝታ ቤት ውስጥ ያ የግድግዳ ካላንደር ከወለል ትንሽ ከፍ ብሎ የተሰቀለው ልጅቷ ቁጥር እንድትለምድ ይመስለኝ ነበር፤ ለካ ጉድጓዱን ለመሸፈን ኖሯል። ለምን እንዳልነገረችኝ ጠየቅኋት።

"እንዴት ብዬ ልንገርህ?" አለችኝ። "አንተ ሁሉን ነገር እንደ ስድብ ነው የምትወስደው።"

ስልኩን ዘጋሁ። በአሥራ አንድ ዓመት ውስጥ ብዙ ሰው ብዙ ነገር ብሎኛል፤ እንዲህ መሐል አናቴን ያገኘኝ ግን አልነበረም። ስድብ ፍለጋ ስዞር ልጄ ቤቴን በልታ ልትጨርሰው ነበር።

ይሄኔ ሜሮን ሱሪዬን ጎተት አድርጋ ሆዷን ያዘች። ወደ ሻይ ቤቱ ሽንት ቤት ይዣት እየሮጥኩ ነው ያቺ ክዳን ያላት ዕቃ ትዝ ያለችኝ። ክሊኒኩ ጠረጴዛ ላይ በኩራት ትቻታለሁ። እጄ ላይ ያለው ፎልደሩ ብቻ ነው፤ ፎልደሩ ውስጥ ደግሞ ሁለት ገጽ።

አንድ አፍታ አመነታሁ፤ እውነቱ ይነገር። ከዚያ አነጠፍኩት።

በፌስታል ጠቅልዬ በባጃጅ ስከንፍ፣ ላቦራቶሪው ሊዘጋ ትንሽ ሲቀረው ደረስኩ። መስኮቱ ላይ ያለው ሰውዬ በጓንት ገለጥ ገለጥ አደረገና ንጹሕ የቀረችውን ጥግ አነበበ። "ጉዳዩ፦ ያላግባብ የተወሰደብኝ የሥራ መደብ እንዲመለስልኝ ስለመጠየቅ።" ቀና ብሎ አየኝ። ፊቱ ላይ ሳቅ የሚባል ነገር የለም።

"ጋሼ፣ ማመልከቻው ተመላሽ ነው?"

"እዚሁ ይቅር" አልኩት።

አሥራ አንድ ዓመት መልስ ያጣ አቤቱታ በግማሽ ሰዓት ውስጥ መልስ አገኘ። የመንጠቆ ትል።

ሐኪሟ እንደገና አስቀምጣ አስረዳችኝ። ትሉ እርጥብ መሬት በረገጠ ባዶ እግር በኩል ይገባል፣ አንጀት ላይ ተንጠልጥሎ ደም ይመጥጣል፤ ከደሙ ጋር ብረቱም ያልቃል። ብረት ያጣ ልጅ ይገረጣል፣ አንዳንዱም አፈር ያምረዋል፤ ፕላትሌቱም የሚበዛው በዚሁ ሳቢያ ነው። በማይክሮስኮፕ ሲታይ ቀይ ሕዋሶቿ አንሰዋል፣ ነጥተዋል፤ ክፉ ሕዋስ ግን የለም። ለፕላትሌቱ መድኃኒት አያስፈልገውም፤ ምክንያቱ ሲታከም ራሱ ይወርዳል። የትል መድኃኒት፣ ለጥቂት ወራት የብረት ሽሮፕ፣ ሽሮፑን ከሻይ ጋር አለመስጠት፣ ጫማ። በቃ።

ለአንድ እስትንፋስ ያህል ቅር አለኝ ብል ታምኑኛላችሁ? ለትል? ከዚያ ግን ኮሪደሩ ላይ ግድግዳ ተደግፌ አለቀስኩ፤ ሜሮን ግድግዳውን በሙያ ዓይን እያየችልኝ።

ከጅማ የመጣውም ውጤት የሐኪሟን ቃል አጸና። በሦስተኛው ወር ደሟ እንደገና ሲታይ ቀስቱ የለም። ውጤቱን ሰማያዊው ፎልደር ውስጥ አስገባሁት፤ ቦታውም ባዶ ነበር።

በደሉን ይቅር ብሏል እንዳትሉ። በደል በደል ነው፤ ሦስተኛ የነበረው ሰውዬ አሁንም ቡድን መሪ ነው፤ ሁለተኛው ግልባጭም እቤት አለ። የመኝታ ቤቱን ግድግዳ ራሴ ጭቃ አቡክቼ የለሰንኩ ቅዳሜ አውጥቼ ማንበብ ጀመርኩ። የመጀመሪያውን ገጽ ጨረስኩ። ሁለተኛው ላይ ስደርስ ሜሮን አዲሱን ልስን በጣቷ ነካ አድርጋ ቀመሰችና ፊቷን አጨማደደች።

"አባዬ፣ ግድግዳችን ተበላሽቷል" አለችኝ። "ድሮ ይጣፍጥ ነበር።"

ጫማዋን አድርጋ እየሮጠች ወደ ጓሮ ወጣች። ሁለተኛውን ገጽ ሳልጨርስ ተከተልኳት።