እትዬ ፊሽካ እህቷን የሸኘች ዕለት

በየቤተሰቡ አንድ እንዲህ ያለ ሰው አይጠፋም። ማንኪያ ያዝልን ብትሉት የማንኪያ ሚኒስትር ይሆናል። በር ላይ ቁምልን ብትሉት በማግስቱ ማህተም አስቀርጾ ይጠብቃችኋል። እኔ በሰባ ሁለት ዓመቴ ያላየሁት ዓይነት ሰው የለም፤ ፊደል ባልቆጥርም ሰው ቆጥሬአለሁ። ከቆጠርኳቸው ሁሉ ግን እንደ ክብርት እትዬ ፊሽካ ያለ አላጋጠመኝም።

እትዬ ፊሽካ የአውቶቡስ መናኸሪያችን ተራ አስከባሪ ናት። የወጣላትን ስም እናቷ ታውቀው ይሆናል። ሃያ ስድስት ዓመት ሙሉ በዚያች አንገቷ ላይ በተንጠለጠለች የብረት ፊሽካ መቶ ሃያ አውቶቡስ ስታስገባና ስታስወጣ አንድም ቀን መስታወት ከመስታወት አላነካካችም። ሕጓ አንድ ነው፤ «የሚወጣ ፊት፣ የሚቆይ ኋላ።» እኔ ራሴ፣ አርባ ዓመት መሪ የጨበጥኩት፣ ቁልቁለት ላይ ፍሬን እምቢ ብሎኝ ሃምሳ ሰው በማርሽ ብቻ ያወረድኩት (እሱን እዚህ አላመጣውም)፣ አንድ ማለዳ ተራ ልቀድም ስል በፊሽካዋ መልሳኝ ሁለት ሰዓት የሰልፉ ጭራ ላይ ተቀምጫለሁ። ትራፊክ ፖሊስ ፈርቼ አላውቅም። እሷን ግን ፈራሁ።

እቺ ሴትዮ አንዲት እህት አለቻት፤ በአስራ አምስት ዓመት ታንሳታለች። መድኃኒት ቤት ነው የምትሠራው። እኛ ዛሬም ሚጢጢ ነው የምንላት፣ ከኔ ብትረዝምም። እናታቸው ቀኑን ሙሉ ላውንድሪ ቤት ስለምትውል፣ ሚጢጢ ያደገችው መናኸሪያው ውስጥ፣ ቲኬት ክፍሉ ወንበር ሥር ነው። ትምህርት ቤቷ ከመንገዱ ማዶ ነበር። በየጠዋቱ ቦርሳዋን አዝላ በሩ ጋ ትቆማለች፣ እትዬ ፊሽካ አውቶቡሶቹን በሙሉ ታስቆምና አንዴ ትነፋለች፣ ያኔ ልጅቷ ትሻገራለች። ሳይነፋ ንቅንቅ የለም። ስንት ቀን ሞተር አስነስቼ ለዚያች ክንድ ለማታክል ልጅ ቆሜአለሁ።

ታዲያ ሚጢጢ ልታገባ ሆነ። ባልየው የሌላ ከተማ ሰው ነው፤ ሠርጉ ባለቀበት ቀን በአውሮፕላን ይዟት ሊሄድ፣ ኑሮዋም እዚያው ሊሆን። እትዬ ፊሽካ አንደኛ ሚዜ እንደምትሆን ለመናኸሪያው ሁሉ አወጀች። ተረከዙ ጣት የሚያህል ቢጫ ጫማ ገዛች። በዕድሜዋ ከሸራ ጫማ ሌላ አድርጋ አታውቅም፤ በምሳ ሰዓት ቲኬት ክፍሉን ዘግታ መለማመድ ጀመረች። ቋ፣ ቋ፣ ቋ፣ ከዚያ ድብ። እኛ ውጭ ቆመን እንቆጥራለን። በሁለተኛው ሳምንት ድቡ ቀረ።

ቤተሰቡ ሥራ ሊከፋፈል የተሰበሰበ ዕለት ሚጢጢ ወረቀት ይዛ ታነባለች። ይህን ከራሷ ከእትዬ ፊሽካ አፍ ነው የሰማሁት። አራት ሚዜ፤ አራቱም የመድኃኒት ቤቱ ልጆች። አዳራሽ ማስዋብ፣ እገሊት። ፎቶ፣ እገሌ። ወረቀቱ ወደ ታች እየሄደ ነው።

«እትዬ፣» አለች ሚጢጢ ቀና ሳትል፣ «አንቺ መኪና ማቆሚያው።»

«መኪና ማቆሚያው ምኑ?»

«ታስተናግጂልናለሽ። ካንቺ የተሻለ ማን አለ?»

«ሚዜዎቹ ተሟልተዋል?»

«ተሟልተዋል።»

«ጥሩ ነው፣» አለች። እናቷ «ሻይ ላምጣልሽ?» ስትላት «ጠጥቻለሁ» ብላ ተነሳች። ሻዩ ገና አልፈላም ነበር።

ሦስት ቀን ፊሽካዋ እንደ ምላጭ ሆነ። ሾፌሩ ሁሉ ሳይጠራ ተራውን ያዘ። በአራተኛው ቀን ግን ወደ ሠርጉ አዳራሽ ሄዳ ግቢውን በእርምጃ ለካችው፤ ሰባ በሠላሳ። ተመልሳ የለስላሳ ቆርኪ ለቃቅማ ጠረጴዛዋ ላይ ደረደረች። ሃምሳ ሁለት ቆርኪ፣ እያንዳንዱ መኪና መሆኑ ነው። ሳምንቱን በጣቷ ስታስገባ፣ ስታስወጣ ሰነበተች።

«ፊሽካ፣ ለሠርግ ነው ለጦርነት?» ብላት ቀና አለችና፣ «ጋሼ፣ ክርንህን። መውጫዬን ዘጋህብኝ» አለችኝ። ክርኔን አነሳሁ።

የሠርጉ ቀን ቢጫ ጫማዋን ተጫምታ፣ ቢጫ ቀሚስ ለብሳ፣ ፊሽካዋን አንጠልጥላ በሩ ላይ ቆመች። አጠገቧ በጠመኔ ቁጥር የተጻፈበት ሳንቃ፣ በየቁጥሩ ሚስማር። ቁልፉን ሳያንጠለጥል ወደ አዳራሹ የሚያልፍ የለም። ለመጣው ሁሉ ጥያቄዋ አንድ ነው፤

«እንኳን ደህና መጣችሁ። መቼ ነው የምትሄዱት?»

እንግዲህ አስቡት። ሰው አጊጦ፣ ሽቶ ተርከፍክፎ መጥቶ፣ ገና አንድ እግሩን ከመኪናው ሳያወርድ። የሙሽራው አጎት፣ ከሳቸው ቀድሞ ሆዳቸው የሚወርድ ሰውዬ፣ ከዘራቸውን አንስተው ተቆጡ።

«ገና ሳልገባ ልታባርሪኝ ነው?»

«አይ አባባ፣ ቦታዎን ላውቅ ነው። የሚወጣ ፊት፣ የሚቆይ ኋላ።»

«በልቼ ስጠግብ እሄዳለሁ።»

«ሲጠግቡ ስንት ሰዓት ይሆናል?»

አጎትየው አሰቡ። «አስራ ሁለት፣» አሉ በመጨረሻ፣ ሳይወዱ። እኔ ደግሞ ሥራ የሚበዛበት ሰው ለመምሰል «አስር ሰዓት» አልኩና ፊት ተሰለፍኩ። ጡረታ ከወጣሁ ስምንት ዓመቴ ነው፤ አስር ሰዓት ላይ የምትጠብቀኝ ድመቴ ብቻ ናት።

ወሬው አዳራሽ ደርሶ እናቷ ወጣች። «አንቺ ልጅ፣ እንግዳ እያባረርሽ ነው አሉኝ።»

«እየደረደርኩ ነው፣ እማዬ።»

«ታዲያ ደህና አድርገሽ ጠይቂያ።»

«እሺ፣» አለች። የሚቀጥለውን እንግዳ፣ «እስከ ስንት ሰዓት ነው የሚያከብሩን?» አለችው።

ግቢው ገና ግማሹ ባዶ ሳለ የሙሽሮቹ መኪና ደረሰ። ሚጢጢ በመስኮት አንገቷን አወጣች።

«እትዬ፣ አትገቢም እንዴ?»

«ሥራ ላይ ነኝ። መቼ ነው የምትሄዱት?»

«አስራ አንድ ሰዓት። ነግሬሽ የለ?»

ሙሽሮቹ አዳራሹ በር ላይ ወረዱ፤ መኪናዋን እትዬ ፊሽካ ራሷ እየመራች ወሰደቻት። እኔም ገባሁ። አራቱ ሚዜዎች እጃቸውን አጣጥፈው ቆመዋል፤ ሙሽራዋ በየመሀሉ በሩን በሩን ታያለች።

አስራ አንድ ሰዓት ሲሆን የሙሽሮቹ ሾፌር ፊቱ ነጥቶ ገባ። መኪናዋ ግቢው መጨረሻ፣ ግድግዳውን ተጠግታ ቆማለች። ከፊቷ አርባ መኪና።

ሰው ሁሉ ወጣ። «ይኸው፣ እንግዳ ስታባርር ሙሽራ ቀበረች» አሉ አጎትየው። ጠጋ አልኳት።

«ፊሽካ፣ ምን ነካሽ? የሚወጣ ፊት ነው እኮ።»

«አውቃለሁ።»

«አስራ አንድ ብላሻለች።»

ዓይኗን ከመኪናዋ አላነሳችም። «ጆሮዬ ሰምቷል፣ ጋሼ። እጄ ግን ከሚቆዩት ጋር አቆማት።»

በሃያ ስድስት ዓመት አንድ ስህተት።

እሷ ቢጫ ጫማዋን አውልቃ ከሳንቃው ሥር አስቀመጠች። ቁልፍ እየነቀለች ከመናኸሪያው ለመጣነው አምስት ሾፌሮች መወርወር ጀመረች። «አስራ አራት ወደ መንገድ። ሠላሳ አንድ የአስራ አራትን ቦታ። ጋሼ፣ ሰባትን ይዘህ ወደ ኋላ፣ መሪውን ጨርሰህ አዙር።» ወረቀት የለ፣ ማስታወሻ የለ፤ ሃምሳ ሁለቱም ቆርኪ ጭንቅላቷ ውስጥ ነው። ጠጠሩ ላይ በባዶ እግሯ እየሄደች በአንድ እጇ ትጠራለች፣ በሌላው ታስቆማለች። አንዱ ሲወጣ አንዱ ይገባል። የተወሳሰበ ክር ጫፉ ሲገኝ እንደሚፈታው ግቢው ይፈታ ጀመር። እኔ ጎርፍ ድልድይ ይዞ ሲሄድ በዓይኔ ያየሁ ሰው ነኝ፤ ያን ቀን ግን መሪ ይዤ አፌን ከፍቼ ነበር። ሙዚቀኞቹ መሣሪያቸውን እንደታቀፉ ወጥተው ቆሙ።

አጎትየው ሰዓታቸውን አውጥተው ሲከታተሉ ኖሯል። «ስምንት ደቂቃ፣» አሉ በቀስታ። ኮፍያቸውንም አወለቁ።

ከግድግዳው እስከ በሩ ቀጥ ያለ መንገድ ተከፍቷል። ሚጢጢ ቀሚሷን ሰብስባ ወደ እህቷ መጣች።

«እትዬ፣ ተቀይመሽኛል።»

«አውሮፕላኑ አይጠብቅሽም። ግቢ።»

«ከኋላዬ ብትቆሚ ዞሬ ዞሬ ሳይሽ እውላለሁ ብዬ ነው። ከዚያ አልሄድም እላለሁ። በሩ ላይ ብትሆኚልኝ ይሻላል አልኩ።»

«ይህንኑ ብትነግሪኝ ምን ነበረበት?»

«ያኔ ወረቀቱን ሳነብ ቀና ማለት አቃተኝ።»

እትዬ ፊሽካ ጎንበስ ብላ የቀሚሱን ጭራ ከጠጠሩ ላይ ለቀመች፣ አራገፈች፣ አጣጥፋ መኪናው ውስጥ አስገባችላት። ይህ የሚዜ ሥራ ነው። አራቱም ሚዜዎች አጠገቧ ቆመው ነበር፤ አንዳቸውም እጃቸውን አልዘረጉም።

መኪናዋ በሩ ጋ ደርሳ ቆመች።

«ምን ሆነን ቆምን?» አለ ሙሽራው።

«ፊሽካ አልተነፋም፣» አለች ሚጢጢ፣ ፊት ለፊት እያየች።

እትዬ ፊሽካ ፊሽካዋን ከንፈሯ ላይ አደረገች። ትንፋሽ እምቢ አላት። አወረደችው፣ በቀሚሷ ጠረገችው፣ መለሰችው። ግቢ ሙሉ ሰው ይጠብቃል። ከዚያ ነፋች፤ አንዴ፣ አጭር፣ ያንኑ የመንገድ ማሻገሪያውን። መኪናዋ ሄደች።

ታጥፋ እስክትጠፋ አየቻት። ከዚያ ዓይኗን በመዳፏ ጠርጋ ወደኔ ዞረች።

«አንተስ፣ አስር ሰዓት እወጣለሁ ብለህ ፊት ቦታ ይዘህብኝ አልነበር? አስራ አንድ ተኩል ሆነ።»

ቁልፌን ከሚስማሩ አንስቼ ሰጠኋት።

«ኋላ አድርጊኝ፣» አልኳት። «እቆያለሁ።»