ክቡር ማን ነካው

አዲስ አበባ ውስጥ «ማን ነካው?» የሚል ሰው የሌለበት መሥሪያ ቤት ካለ አሳዩኝ፤ ነገውኑ ማመልከቻ አስገባለሁ። ይህ ሰው ዕቃ በራሱ ጊዜ ይበላሻል ብሎ አያምንም። አምፖል ቢቃጠል የነካው አለ፤ የግድግዳ ሰዓት ወደ ኋላ ቢቀር የነካው አለ። ጣሪያ ቢያፈስም ከዝናቡ በፊት ሰው ይጠረጥራል።

የእኛው ክቡር አቶ ሃድጉ ይባላሉ። በ2002 ዓ.ም. ካዛንቺስ በሚገኝ ሕንፃ አራተኛ ፎቅ ላይ ሶፍትዌር የምንሠራ ስድስት ሰዎች ነበርን። አምስታችን ከሠላሳ ዓመት በታች ነን፤ እሳቸው ግን ከመንግሥት ሥራ በጡረታ ወጥተው በየዓመቱ በሚታደስ ውል የሚሠሩ ነበሩ። ጠዋት ከቂርቆስ በእግራቸው ይመጣሉ፣ ሹራባቸውን ወንበራቸው ላይ ያንጠለጥላሉ፣ ከዚያ ምርመራው ይጀመራል። ፕሪንተሩ ወረቀት ከያዘ «ማን ነካው?» ወንበራቸውን ሁለት ጣት ዝቅ ብሎ ካገኙት «ማን ነካው?» አንድ ቀን ባልደረባችን ሰብሪና ሊፍቱ እንደቆመ ብትነግራቸው አራት ፎቅ በደረጃ ወርደው ዘበኛውን ጠይቀው ተመለሱ። ዘበኛው እንዳልነካው ምሎላቸዋል።

በሌሉበት «ክቡር ማን ነካው» እንላቸው ነበር። ስሙን ያወጣሁላቸው እኔ ነኝ። ቀጥሎ ከምናዘዘው ጋር ሲተያይ ይሄ ትንሹ ኃጢአቴ ነው።

ነገሩ እንዲገባችሁ ስለ አንዲት ፋይል ልንገራችሁ። እኔ የምጽፈው ፓይተን በሚባል የኮምፒውተር ቋንቋ ነው፤ ቶሎ ይጻፋል፣ ትንሽ የተማረ ሁሉ ከፍቶ ያነበዋል። አቶ ሃድጉ የሚጽፉት ሲ በሚባል ሌላ ቋንቋ ነው፤ የእሳቸው ሥራ ወደ ማሽን ቋንቋ ተቀይሮ ስለሚዘጋ ከፍታችሁ ብታዩት የምታገኙት ዝብርቅርቅ ምልክት ብቻ ነው። ሁለቱን የምታገናኝ አንዲት ፋይል አለች። የእኔ ፕሮግራም ይጠራታል፣ እሷ ከባዱን ሥራ ሠርታ መልሱን ይዛ ትመጣለች። ለአንድ የግል ክሊኒክ የቀጠሮ ፕሮግራም ስንሠራ የእኛን ቀን ከፈረንጅ ቀን የምታዛምደው፣ ጳጉሜ በየትኛው ዓመት ስድስት እንደምትሆን የምታውቀው እሷ ነበረች። በራሴ ልሠራው ሞክሬ ነበር። የእኔው ሙከራ አንዲት ነፍሰ ጡር በዚያ ዓመት በሌለች ጳጉሜ ስድስት ቀጠራት።

አቶ ሃድጉ ፋይሏን በራሳቸው ስም «ሃድጉ» አሏት። ለምን ብዬ ብጠይቃቸው፣ ስትበላሽ ማንን እንደምትጠይቁ እንድታውቁ ነው አሉኝ። እኔ በልቤ የሽማግሌ ጉራ ነው አልኩ።

የክሊኒኩ ሰዎች ሥራውን ሊያዩ የሚመጡበት ቀን ደረሰ። ሥራ አስኪያጃችን ወይዘሮ መድኃኒት ሥራውን እንዳቀርብ እኔን መረጡኝ። ኮዴን በፕሮጀክተር ግድግዳ ላይ አሳይቼ ልደነቅ አስቤያለሁ፤ የመጀመሪያው መስመር ግን «ሃድጉን ጥራ» የሚል ትእዛዝ ነው። እንግዶቹ ሃድጉ ማነው ቢሉኝስ? ሊመጡ ሩብ ሰዓት ሲቀራቸው የፋይሏን ስም ወደ «ፍሬአብ» ቀየርኩት። ፍሬአብ እኔ ነኝ። መስመሩንም አብሬ አስተካከልኩ። ልሞክረው ስል በሩ ተንኳኳ።

እንግዶቹ ተቀመጡ። ፕሮግራሙን ሳስነሳው ግድግዳው ላይ ቀይ ጽሑፍ ወጣ። ደገምኩት፣ ያው ቀይ። ለካ እንዲህ ያለች ፋይል ስሟ የሚጻፈው ከላይዋ ብቻ አይደለም፤ ስትሠራ ውስጧም ይጻፋል፣ ሁለቱ ካልተስማሙ አልነሳም ትላለች። ያን ቀን ይህን አላውቅም ነበር። የማውቀው ማን እንደነካት ብቻ ነው።

ወይዘሮ መድኃኒት ወደ አቶ ሃድጉ ዞሩ። የሽማግሌው ውል የሚታደሰው በዚያው ሳምንት ነበር፤ ወረቀቱ የሥራ አስኪያጇ ጠረጴዛ ላይ እንዳለ ሁላችንም እናውቃለን። አቶ ሃድጉ መነጽራቸውን አስተካክለው ቀዩን ጽሑፍ አነበቡ። ስሜ እዚያ ላይ ተጽፏል። ከዚያ ዞረው አዩኝ። ሰብሪና ጥያቄው ሊመጣ ነው ብላ አቀረቀረች። እኔም ጠበቅሁት።

«እኔ ነኝ የነካሁት» አሉ። «ማለቴ፣ ጠዋት ላስተካክል ብዬ ነው። አምስት ደቂቃ ስጡኝ።»

አምስት ደቂቃም አልፈጀባቸው፤ የድሮውን ስም መለሱና ፕሮግራሙ ተነሳ። እንግዶቹ አጨበጨቡ፣ ያጨበጨቡትም ለእኔ ነው። ለዓመት ይታደስ የነበረው የአቶ ሃድጉ ውል ለሦስት ወር ብቻ ታደሰ። ዕድሜያቸው ገፍቷል፣ የነኩትን እየረሱ ነው ተባለ። ይህንንም ሰምቼ ዝም አልኩ። ዝም አይነቅዝም ይላሉ፤ የእኔው ግን በሦስት ቀኑ ነቀዘ።

በሦስተኛው ቀን ማታ፣ ከሥራ ስንወጣ፣ አቶ ሃድጉ ጠረጴዛዬ አጠገብ መጥተው ቆሙ።

«ፋይሏን ከውስጥም በስምህ አድርጌያታለሁ» አሉኝ ድምፃቸውን ዝቅ አድርገው። «የጋራው ማሽን ላይ ጭኜልሃለሁ፣ አሁን ያለ ችግር ይነሳል። ስም ፈልገህ ከነበረ ምነው ሳትነግረኝ?»

የሚተርቡኝ መስሎኝ ፊታቸውን አየሁ። ከልባቸው ነው። ቢሰድቡኝ በስንት ጣሙ። በዕድሜዬ ብዙ አፍሬያለሁ፣ እንደዚያን ምሽት ግን አፍሬ አላውቅም። ሹራባቸውን ለብሰው ወጡ።

በማግስቱ ከሁሉም ቀድሜ ገባሁ። «ፍሬአብ»ን አጠፋሁ፣ «ሃድጉ»ን ከነመስመሩ መለስኩ፣ ሠርቶም አየሁት። ሰው ሁሉ ከገባ በኋላ አቶ ሃድጉ ሹራባቸውን አንጠልጥለው ተቀመጡና ኮምፒውተራቸውን ከፍተው ፋይሏን አዩ። ወይዘሮ መድኃኒት በሩ ላይ ቆመው ከሰብሪና ጋር ያወራሉ።

«ማን ነካው?» አሉ አቶ ሃድጉ።

ተነሳሁ። «እኔ ነኝ፣ ጋሼ። የዚያን ቀንም የነካሁት እኔ ነኝ።»

ወይዘሮ መድኃኒት ወሬያቸውን አቋርጠው አዩኝ። ከሰዓት በኋላ የአቶ ሃድጉ ውል ዓመት ሆኖ ተጻፈ፣ ለእኔም የማስጠንቀቂያ ደብዳቤ ደረሰኝ፤ እስካሁን መሳቢያዬ ውስጥ አለ። ይህ ሁሉ ግን ቆይቶ ነው። በዚያች ደቂቃ አቶ ሃድጉ ቀና ብለው እንኳ አላዩኝም፤ ዓይናቸውን ከስክሪኑ ሳያነሱ

«የዚያን ቀኑን ማን ጠየቀህ?» አሉኝ።