ያለ ቦታው የተራገፈው አሸዋ ጉዳይ

የሐይቅ ዳር መናፈሻ ኮሚቴ ቃለ ጉባኤ

ቀን፦ ቅዳሜ የካቲት 14፣ ከጠዋቱ 3፡20 (ጥሪው ለ3፡00 ነበር)
ቦታ፦ አሸዋው ላይ፤ የቢሮው ቁልፍ ቢሮው ውስጥ ስለተቆለፈበት

የተገኙ፦
1. ሰብሳቢው፣ ጡረታ የወጡ የጂኦግራፊ መምህር
2. ጀልባ አከራይዋ
3. ፎቶ አንሺው
4. የዋና አሠልጣኟ (ውሃ ውስጥ)
5. ጋሽ ፍሬኑ፣ የመናፈሻው ጥበቃ፣ የቀድሞ የገልባጭ መኪና ሾፌር፤ ያለ ድምፅ
6. ጸሐፊ፤ የጋሽ ፍሬኑ አማች፤ ያለ ድምፅ

ምልዓተ ጉባኤ፦ አራት አባላት ያስፈልጋሉ። የዋና አሠልጣኟ ተማሪ ስለያዙ እንደማይወጡ ቢያስታውቁም፣ ከአንገታቸው በላይ በግልጽ ስለሚታዩ እንደተገኙ ተቆጥረዋል። ድምፅ ሲሰጥ ክንዳቸው ከውሃ በላይ ከሆነ ድጋፍ እንዲባል በሙሉ ድምፅ ተወስኗል። በወቅቱ በጀርባቸው እየዋኙ ነበር።

አጀንዳ 1፦ ነገ ስለሚተከለው የታሪክ ሰሌዳ

ሰብሳቢው «ነገርን ከሥሩ፣ ውሃን ከጥሩ» ብለው የሐይቁን አፈጣጠር ለአርባ ደቂቃ አብራርተዋል። እሳተ ገሞራው ገና ሳይበርድ ጀልባ አከራይዋ ደንበኛ እንደሚጠብቃቸው አስታወሱ። ሰብሳቢውም ብዙ ሺህ ዓመት ዘለው ረቂቁን አነበቡ፤ የአሸዋውን ዳርቻ አስበው ያሠሩት የሰብሳቢው አባት፣ የያኔው የከተማው ዕቃ ግምጃ ቤት ኃላፊ መሆናቸውን ይገልጻል። ጀልባ አከራይዋ ሟቹ ውሃ ይፈሩ እንደነበር ጠቅሰው፣ ነገሩ ላም ባልዋለበት ኩበት ለቀማ ነው ብለዋል። ሰብሳቢው አባታቸው የሚፈሩት እርጥበት እንጂ ውሃ እንዳልነበረ አርመዋል። ከረጅም ውይይት በኋላ ረቂቁ ጸድቋል።

አጀንዳ 2፦ ሰኞ ጡረታ ስለሚወጡት ጋሽ ፍሬኑ

የምስጋና ወረቀት እንዲሰጣቸው፣ በር አጠገብ ያለው አግዳሚ ወንበርም ዕድሜ ልካቸውን የሳቸው እንዲሆን ተወሰነ። ጋሽ ፍሬኑ ግን እንደማመስገን ቆባቸውን አውልቀው ቆሙ።

«ወገኖቼ፣ እውነትና ንጋት እያደር ይጠራል» አሉ። «ይሄ አሸዋ ለትምህርት ቤቱ ግንባታ ነበር። ፍሬን እምቢ ብሎኝ ቁልቁለቱን ወርጄ ውሃው አፍ ላይ ቆምኩ፤ መኪናውን ለማውጣት ጭነቱን ደፋሁት። የኋላዎቹ ሾፌሮች ደግሞ ማራገፊያው እዚህ መስሏቸው ተከትለውኝ እየመጡ ሳምንት ሙሉ ደፉ። አፍሬ ዝም አልኩ። ይኸው ሠላሳ ስምንት ዓመት ጠበቅኩት፤ ሰው እንዳይወስደው ሳይሆን ሰው እንዳይጠይቅበት።»

ጉባኤው እስካሁን ቅጽል ስማቸው የሚሮጡ ልጆችን ከማስቆማቸው የመጣ ይመስለው ነበር። ሰብሳቢው በበኩላቸው፣ በዚያው ትምህርት ቤት ሠላሳ ዓመት ባስተማሩበት ክፍል ካርታ የሚሰቅሉበት ሚስማር ከነልስኑ ለምን ይወድቅ እንደነበር አሁን ገና እንደገባቸው ገልጸዋል።

አጀንዳ 3 (ድንገተኛ)፦ ስለ አሸዋው መመለስ

ፎቶ አንሺው የፈሰሰ ውሃ አይታፈስም ሲሉ፣ ሰብሳቢው አሸዋ ግን እንደሚታፈስ አስረድተዋል። ስለዚህ፦
ሀ. አሸዋው በሙሉ ለትምህርት ቤቱ እንዲመለስ፤
ለ. እስኪመለስ ማንም እንዳይረግጠው፤
ሐ. የጋሽ ፍሬኑ ወረቀትና ወንበር ተሰርዞ፣ ከሰኞ ጀምሮ ወደ መናፈሻው እንዳይገቡ ተወስኗል።

ድጋፍ ሦስት። ጀልባ አከራይዋ ተቃውመዋል። የዋና አሠልጣኟ ክንድ በቆጠራው ሰዓት ከውሃ በላይ ነበር። ጸሐፊው ማዘኔ በቃለ ጉባኤ ይያዝልኝ ብሎ ተከልክሏል። አዝኗል።

በ«ለ» መሠረት አባላት አሸዋውን ለቀው ወንበሮቻቸውን ውሃ ውስጥ አስገብተው ተቀመጡ። ስብሰባው በዚህ ሁኔታ ቀጥሏል።

ጋሽ ፍሬኑ ከመሄዳቸው በፊት ከቆባቸው ሽፋን ውስጥ በላስቲክ የተጠቀለለ ወረቀት አውጥተው ለሰብሳቢው ሰጡ። የአሸዋው ርክክብ ደረሰኝ ነው። ከግርጌው በሰብሳቢው አባት እጅ ጽሑፍ «በቦታው ደርሷል» ይላል፤ ፊርማቸውም አለበት።

«ሊቆጡኝ ነበር የመጡት» አሉ ጋሽ ፍሬኑ። «ልጆች አሸዋው ላይ ይንከባለሉ ነበር። አባትዎ ቆመው አዩአቸው፣ አዩአቸውና ጫማቸውን አውልቀው እግራቸውን ውሃ ውስጥ ነከሩ። ከዚያ ደረሰኙን አምጣ አሉኝ። ለትምህርት ቤቱ ሌላ እፈልግለታለሁ፣ አንተ ብቻ ዝም በል አሉኝ።»

ጀልባ አከራይዋ ስለ ውሃ ፍርሃቱ የተናገሩትን በገዛ ፈቃዳቸው አንስተዋል። ሰብሳቢው የአሥር ደቂቃ ዕረፍት ጠይቀው ፊታቸውን ወደ ሐይቁ አዞሩ። ፎቶ አንሺው ካሜራቸውን ዘጉ።

የመጨረሻ ውሳኔ፦

በአጀንዳ 1፣ 2 እና 3 የተወሰነው ሁሉ ተሽሯል። ሰሌዳው ለአግዳሚው ወንበር መደገፊያ ይሁን ተብሏል። ወንበሩ የማን እንደሚሆን ግን ድጋሚ መወሰን አላስፈለገም፤ ጋሽ ፍሬኑ ቀድመው ተቀምጠውበታል። የዋና አሠልጣኟ ለዚህ ውሳኔ ከውሃ ወጥተው ሁለት እጃቸውን አንሥተዋል፤ አንዱ ተቆጥሯል።

ስብሰባው 6፡10 ላይ፣ ጫማ የጠፋባቸው አባላት ጫማቸውን ሲያገኙ ተበትኗል። ይህን ቃለ ጉባኤ ለፊርማ ሳቀርብ፣ ስህተት ካለ እንዲያርሙ ሰብሳቢውን ጠየቅኳቸው። ሁለት ጊዜ አነበቡት። ከዚያ ከግርጌው «በቦታው ደርሷል» ብለው ጽፈው ፈረሙ።