ክቡር የሶኬት ሚኒስትር

ባሕር ማዶ የሚሄድ ሰው ባለበት ቤት ሁሉ፣ ሻንጣው ሊዘጋ ሲል በር የሚያንኳኳ አንድ ዘመድ አይጠፋም። የእኛው የእናቴ ታናሽ ወንድም ናቸው፤ ጡረታ የወጡ ራዲዮ ጠጋኝ፣ በቤተሰቡ ስምምነት ደግሞ «ክቡር የሶኬት ሚኒስትር»።

ክቡርነታቸው ሰላምታ አያበዙም። በመነጽራቸው ላይ ማጉያ መስታወት ደርበው ቻርጀሩን፣ ካውያውን፣ የፂም መላጫውን እያገላበጡ፣ ጀርባው ላይ ያለችውን የጉንዳን እግር የምታህል ጽሑፍ ያነባሉ። «ከ100 እስከ 240 ቮልት» የሚል ካገኙ ፊታቸው ይበራል። «ይሄ የትም አገር እንግዳ አይሆንም፤ ይለፍ» ይላሉ። «220» ብቻ ከሆነ ግን ወንበር ይስባሉ። አንዳንድ አገር ከግድግዳው የሚወጣው ቮልት የእኛ ግማሽ ነው፤ አዳፕተር ደግሞ የሶኬቱን ቅርጽ ያስማማል እንጂ ቮልቱን አይጨምርም፣ አይቀንስም። መደምደሚያቸው ሁሌም አንድ ነው፦ «አፉ ገባ ማለት ሆዱ ቻለ ማለት አይደለም።»

ያልሰማ አለ። የአክስቴ ልጅ ስቃባቸው የፀጉር ማድረቂያዋን ይዛ ሄደች። እዚያ ስትሰካው ሾርባ እንደሚያበርድ ሰው እፍ እፍ አለባትና፣ ፀጉሯ እየተንጠባጠበ ስብሰባ ገባች። ክቡርነታቸው ይህን ዛሬም እንደ መርዶ ነው የሚያወሩት።

የእኔ ተራ የደረሰው እናቴን ይዤ ባሕር ማዶ ያለችው እህቴ ዘንድ ስሄድ ነው። እናቴ አስም አለባት፤ መድኃኒቷን እንደ ጉም አድርጎ የሚሰጣት ትንሽ ማሽን ካልሠራ ትንፋሿ ያጥራል። ክቡርነታቸው ማሽኑን ገልብጠው አነበቡ። 220 ብቻ። ተነሥተው ወጡና በማግስቱ ራሳቸው የሠሩትን፣ የዚያን አገር ዝቅተኛ ቮልት ወደ 220 ከፍ የሚያደርግ፣ ጡብ የሚያህል ትራንስፎርመር ይዘው መጡ። እኔ አዳፕተር ገዝቻለሁ፤ ሻንጣው ደግሞ ኪሎው ሞልቷል። አመስግኜ ተቀበልኩና፣ ገና ከደጃፉ ሳይርቁ ጡቡን አልጋ ሥር ገፋሁት።

በደረስን ማግስት ማሽኑን ሰካሁ። አፉ ገባ። አጉረመረመ እንጂ ጉም የሚባል አልወጣውም። እናቴ ደረቷን ይዛ ትጠብቃለች። እኔ እነቅላለሁ፣ እሰካለሁ፣ ደግሞ እነቅላለሁ።

«ተወው ልጄ፣» አለች በተቆራረጠ ትንፋሽ፣ «የእጅ ቦርሳዬን አምጣው።»

ቦርሳውን ሳነሳው ከበደኝ። ውስጡ በፎጣ የተጠቀለለው ጡብ ተኝቷል።

በጡቡ በኩል ስሰካው ማሽኑ ሠራ፤ ትንፋሿም ተመለሰ። ከዚያ፣ «ወንድሜ ሊሰናበተን የመጣ ዕለት አልጋ ሥር አይቶት፣ ቦርሳዬ ውስጥ ከተተው» አለችኝ። «‹ለልጁ እንዳትነግሪው፣ ያፍራል› ብሎኝ ነበር።»

በስልክ ስናገኛቸው ስለ ጡቡ ትንፍሽ አላሉም። የጠየቁት ሌላ ነው፦ የዚያ አገር ሶኬት ግድግዳው ላይ ከፍ ብሎ ነው የተተከለው ወይስ ዝቅ ብሎ? የራሱ ማጥፊያስ አለው? ድምፃቸው ውስጥ ያለውን ጉጉት ስሰማ ነው ትዝ ያለኝ፤ ክቡርነታቸው ዕድሜ ልካቸውን አውሮፕላን ተሳፍረው አያውቁም።

ከዚያ ወዲህ የትም አገር ስደርስ፣ ሌላው በመስኮት ሕንፃና ባሕር ፎቶ ሲያነሳ እኔ አልጋው አጠገብ ተንበርክኬ ሶኬቱን አንስቼ ለክቡርነታቸው እልካለሁ። መልሳቸው ውሎ አያድርም፦

«ግሩም ነው። የወዲያኛው ግድግዳስ?»