የዓለም ገበያ ከደጄ ፊት ለፊት

ወሬውን ያመጣልኝ አያ ቢሻው ነው። ይህን አስቀድሜ ልናገር፤ ኋላ አንጓች ናት ያመጣችው እንዳትሉኝ። አያ ቢሻው የመጋዘን ዘበኛ የነበረ ጡረተኛ ነው፤ አሁን የሚጠብቀው ሬዲዮኑን ብቻ ነው። በላስቲክ ጠፍሮ አንገቱ ላይ ያንጠለጥላታል። ዝም የሚያሰኛት ቤተ ክርስቲያን ሲሳለም ብቻ ነው። አንድ ማለዳ ደጄ ላይ ምስር ስለቅም መጣና ከፊቴ ቆመ። ወሬ የያዘ ዕለት አይቀመጥም።

«አንጓች፣ ዓለም በሬዲዮ ተጠራች» አለኝ።

የትኛዋ ዓለም አልኩት፣ እንደማላውቅ ሆኜ። በሰፈራችን ስንት ዓለም አለች? አንድ ናት። እሷም ከደጄ ፊት ለፊት ናት።

እስቲ መጀመሪያ ዓለምን ላሳያችሁ። ከደብረ ወርቅ በኩል የመጣች ልጅ ናት። ባሏን ፈትታ ወንድሟ ቤት ተጠግታ ነበር፤ የወንድሟ ሚስት ፊት ሲጠቁርባት አንድ ሳጥን ይዛ ደብረ ማርቆስ ገባች። ከዚያ እድራችን ገብታ የእድሩ ክፍል በእጣ ደረሳት። ነገሩ ሁሉ እዚህ ላይ ነው። እድራችን ወደ አስፋልቱ የሚያይ አንድ ክፍል አለው፤ ለአባል ለዓመት ያከራያል። ያንን ክፍል ስንት ዘመን በዓይኔ ስበላው ኖሬያለሁ። እኔ ደጄ ላይ ሸራ ዘርግቼ ሽሮና ምስር ነው የምሸጠው። የማርቆስ ዝናብ ደግሞ ሳያስጠነቅቅ ነው የሚመጣው፤ በመጣ ቁጥር እኔና ሽሮዬ እንሯሯጣለን። እሷ ትናንት መጥታ፣ እጣው ለእሷ። ፊት ለፊት መደርደሪያ አቆመች፣ ከጀርባው አልጋዋን ዘረጋች፣ ሩዝ ሞላችበት።

ቅናት አይደለም። ዓይን ስላለኝ ነው የማየው።

ግን እናንተው ፍረዱ፣ ሩዝ ምን አለው? ሽሮ ሲንተከተክ መንገደኛ ያስቆማል። ሩዝ ሲበስል ጎረቤት እንኳ አያውቅም። ይሁንና ከጣሳ ወደ ሚዛን ሲወርድ ቆርቆሮ ላይ እንደሚያካፋ ዝናብ ይንሿሿል፤ ሰው ድምፁን ሰምቶ ዘወር ይላል። የእኔ ሽሮ ሲቀዳ ድምፅ የለውም፤ ያስነጥሳል እንጂ። ቤት ተከራይተው የሚማሩት ተማሪዎች ሁሉ ወደ እሷ ዞሩ። ሩዝ ቶሎ ይደርሳል አሉ። እንግዲህ ምን ቸኩለው ነው?

ሁለት ዓይነት ነው የምትሸጠው። አንዱ የእኛው የፎገራ ነው። ሌላው ከባሕር ማዶ የመጣ፣ ከረጢቱ ላይ ዝሆን የተሣለበት። ከረጢቱ ባዶ ሲሆን ጣለችው? አልጣለችውም። አጥባ፣ ተርትራ በሯ ላይ መጋረጃ አደረገችው። እኔ ጠዋት በሬን ስከፍት ከፀሐይ በፊት የማየው ዝሆን ነው።

ወደ አያ ቢሻው ልመለስ። ሬዲዮው በሳምንት አንዴ የየከተማውን ገበያ ይናገራል። በደብረ ማርቆስ ገበያ ጤፍ ይህን ያህል፣ በሉማሜ ገበያ ስንዴ ያን ያህል እያለ ይዘረዝራል። ታዲያ የዚያን ዕለት ከሉማሜ ቀጥሎ፣ በዓለም ገበያ የሩዝ ዋጋ ጨመረ አለ። ዓለም የሩዝ እጥረት ያሰጋታል ብሎም ጨመረበት። አያ ቢሻው በጆሮው ነው የሰማው።

አሁን እናንተ ትስቁ ይሆናል። ሳቁ። ግን የደብረ ማርቆስ ገበያ የት እንደሆነ አውቃለሁ። ሉማሜም ወርጄ ሸምቻለሁ። የዓለም ገበያ የሚባለው የት ነው የሚቆመው? ቅዳሜ ነው ማክሰኞ? የሚኬድበት በአህያ ነው በመኪና? ደርሶበት የመጣ ሰው አይቼ አላውቅም። የዓለምን ገበያ ግን በየቀኑ አየዋለሁ፤ ዝሆን በሩ ላይ አለ።

ደግሞስ በዚያው ሳምንት ዓለም ሩዙን አልጨመረችም? ጨመረች እንጂ። የባሕር ማዶውንም ጨመረች፣ የፎገራውንም ጨመረች። ልግዛ ብዬ ገባሁ፤ ልገዛ ሳይሆን ልሰማ። ምነው ልጄ አልኳት።

«እኔ ምን ላድርግ ብለው ነው እትዬ አንጓች፤ በዓለም ገበያ ጨመረ» አለችኝ።

አፏን ሞልታ! ሰው ሲያልፍለት ራሱን በስሙ መጥራት ይጀምራል ማለት ነው? እኔ ምስር ጨመርኩ ስል ጨመርኩ እላለሁ እንጂ፣ በአንጓች ገበያ ምስር ጨመረ ብዬ አላውቅም። ወጥቼ ግን ምስሬን ጨመርኩ። ምስርና ሩዝ ምን አገናኛቸው አትበሉኝ። ፊት ለፊት ናቸው።

ነገሩን ለብዙ ሰው አልተናገርኩም። ወፍጮ ቤት ወረፋ ላይ ላሉት ብቻ ነው። እነሱም ከየገጠሩ የመጡ ናቸው፤ እህላቸውን አስፈጭተው ይሄዳሉ፣ ወሬ የት ያደርሳሉ ብዬ ነው።

የኪራዩ ዓመት ሲሞላ እድሩ ከቅዳሴ በኋላ ተሰበሰበ። ክፍሉ ለዓለም ይቀጥል ወይስ ለሌላ ይሰጥ፣ ጉዳዩ ይኸው ነው። ሰብሳቢያችን መሪጌታ ናቸው፤ ዲማ ቅኔ ተምረው ያስተማሩ፣ እኛ የኔታ የምንላቸው። ተነሳሁ። በሬዲዮ ተጠርታ የተወቀሰች ሴት በእድር ቤት ተቀምጣ አገሩን ልታስርብ ነው ወይ አልኩ። ሰዉ አጉረመረመ። እውነትም ሩዙን ጨምራለች ያለ አለ። ለአንጓች ይሰጣት፣ በዝናብ ተሰቃየች ያለም አለ፤ እግዜር ይስጠው። እኔ በልቤ ሽሮውን በየትኛው መደርደሪያ እንደማደርግ እያሰብኩ ነው። ዝሆኑንማ ወዲያው ነው የማወርደው።

ዓለም ነጠላዋን አጣፍታ ተነሳች። ድምፅዋ ቀጭን ነው።

«እትዬ አንጓች፣ ዋጋ የማወጣ ብሆን ኖሮ የወንድሜን ሚስት ፊት ሸሽቼ እዚህ እመጣ ነበር? ይህን ክፍል ብትነሡኝ ዛሬ ማታ የምገባው እሷ ቤት ነው» አለች።

ሴቶቹ ከንፈራቸውን መጠጡ። ያ ከንፈር መምጠጥ አላማረኝም። ምስክር አለኝ አልኩና ወደ አያ ቢሻው አመለከትኩ። አያ ቢሻውም የዜናው ሰዓት ደርሷል፣ ራሷ ትናገር ብሎ ሬዲዮኑን ከአንገቱ አውልቆ ጠረጴዛው ላይ አስቀመጣት። መሪጌታ ፈቀዱ። ሬዲዮዋ ትንሽ አንኮሻኮሸችና ተናገረች።

የሩዝ ዋጋ በዓለም ገበያ አሁንም ከፍ እንዳለ ነው አለች። አያችሁ አልኩ። ሁሉም ወደ ዓለም ዞረ።

የነዳጅ ዋጋም በዓለም ገበያ ጨመረ አለች።

እኔ እዚህ ላይ ደሜ ፈላ። ሩዙ ይቅር፤ ከደጄ ፊት ለፊት ቤንዚን? ሸራዬ ላስቲክ ነው፣ አንድ ክብሪት ይበቃዋል። ቤንዚኑን የት ነው የደበቀችው፣ አልጋዋ ሥር ይፈተሽ አልኩ። ከጎኔ ያለችው ሴትዮ ጀሪካን ይዛ ስትገባ አይቻለሁ ብላ ደገፈችኝ። ጀሪካኑ የውሃ ነበር፤ ይህ በኋላ ነው የታወቀው።

የወርቅ ዋጋ በዓለም ገበያ አለች ሬዲዮዋ። ሁላችን ወደ ዓለም አንገት ተመለከትን። ከማተብ በቀር ምንም የለም።

የዚህን ጊዜ መሪጌታ መሳቅ ጀመሩ። ጭራቸውን አፋቸው ላይ አድርገው እንባቸው እስኪወርድ ሳቁ። ከሳቃቸው ሲመለሱ፣ «ዲማ የሰማሁት ቅኔ ሁሉ ይቅርብኝ። ሬዲዮዋ ተቀኘች፤ እናንተ ሰሙን ይዛችሁ ወርቁን ጣላችሁት» አሉ።

ከዚያ አስረዱን። ዓለም የተባለችው ይህች የደብረ ወርቋ አይደለችም፤ ሰማይ የከደናት ምድር በሞላ ናት አሉ። ሩዝ የሚያበቅል አንድ ትልቅ አገር ሕዝቤ ሳይጠግብ ወደ ውጭ አልሸጥም ብሎ በሩን ዘጋ። ከእሱ ይሸምት የነበረው ሁሉ ወደ ሌላው ሲሮጥ ዋጋው ሰማይ ነካ። ይኸው ነው አሉ። ሰዉ በሳቅ ፈረሰ። አያ ቢሻው ሬዲዮኑን አንስቶ ብብቱ ውስጥ ሸጎጣት።

እኔ ግን አልተቀመጥኩም። የኔታ፣ አንድ ጥያቄ አለኝ አልኩ። የዝሆኑስ ሩዝ ባሕር ተሻግሮ የመጣ ነው፣ ይጨምር። የፎገራው ሩዝ ምን ሆኖ ነው የጨመረው? መርከብ አያውቅ፣ ዘመድ ውጭ የለው። ከፎገራ ማርቆስ በመኪና ይመጣል። ማን ምን አለው?

መሪጌታ ጺማቸውን ያዝ አድርገው ትንሽ አዩኝ።

«ጎረቤቱ ሲከበር አይቶ ነዋ፣ አንጓች።»

አስኳላ አልገባሁም፤ ፊደል ቆጥሬ ነው የቀረሁት። ይህ ትምህርት ግን እንደ ቀዝቃዛ ውሃ ጥርት ብሎ ገባኝ። የፎገራ ሩዝ በከረጢቱ ተቀምጦ ፊት ለፊት ያለውን ያያል። እሱ ከእኔ በምን ይበልጣል ይላል። ዝሆን ስለተሣለበት ነው? ብድግ ይላል። እሱን ያየ ምስር ደግሞ ብድግ ይላል። ታዲያ ቅናት ነው በሉና አሳጥሩት እንጂ፣ የዓለም ገበያ ምናምን እያላችሁ ሰውን ለምን ታደናግራላችሁ? ይህን ለማወቅ ዓመት ሙሉ የሚማሩትን ተማሪዎች አሰብኩና አዘንኩላቸው። እኔን ቢጠይቁ ምስር እየለቀምኩ እነግራቸው ነበር።

ክፍሉ ለዓለም ይቀጥል ተባለ። እጅ ወጣ። እኔም አወጣሁ፤ ሁሉ ሲያወጣ ብቻዬን ምን ልሁን።

ቢያንስ ስሟ ጠፍቷል ብዬ ተጽናናሁ። ምን ይጠፋል! በቀጣዩ የገበያ ቀን ከየገጠሩ ሰው መጣ። ሬዲዮ የሚጠራት ዓለም የትኛዋ ናት ይላል። የሚጠይቀው ደግሞ ማንን ነው? መንገድ ዳር የተቀመጥኩትን እኔን። ሩዝ ሊጠፋ ነው አሉ፣ ያለው ዓለም ዘንድ ነው አሉ እያለ ተሰለፈ። ከሉማሜ በአውቶቡስ የመጣች ሴትዮ አንድ ሙሉ ከረጢት አሸክማ ሄደች። የወፍጮ ቤቱ ወሬ እግር አውጥቶ ደረሰ ማለት ነው። በዝናብ ቁጭ ብዬ ማስታወቂያዋን የሠራሁላት እኔ ነኝ።

ዓለም ቆይታ ሰዓሊ አስመጣችና ከበሯ በላይ አጻፈች። ከደጄ ሆኜ አንድ በአንድ አነበብኩት። የ፣ ዓ፣ ለ፣ ም። ገ፣ በ፣ ያ።

በኋላ አንድ ቀን ዝናቡ ሲጥል አስፋልቱን ሮጣ ተሻግራ ሽሮዬንና ምስሬን ከነሸራው አነሳችልኝና ቤቷ አስገባችልኝ። ከእኔ ጋር ረጠበች፤ አንድ ክፉ ቃል አልወጣትም። መልኳ አልበቃ ብሎ ደግሞ ደግ ሆነችብኝ። እዚሁ መደርደሪያ ላይ ይቀመጥ፣ እኔው እሸጥልዎታለሁ አለችኝ።

አያ ቢሻው አሁን ዜና የሚያዳምጠው መሪጌታ አጠገብ ቁጭ ብሎ ነው። ዓለም ሉማሜ ላይ ሁለተኛ ሱቅ ከፍታለች። ዝሆኑ አሁንም በሯ ላይ ነው።

የእኔ ምስር በዓለም ገበያ ይሸጣል።