የሬናቶ መርዶ

ጠጋ በሉማ፣ ወደ ማሞቂያው ቀረብ በሉ። በጋው አልቆ፣ ቅጠሉ ረግፎ፣ የሲያትል ዝናብ ልማዱን ጀምሯል፤ አይጥል፣ አያባራ፣ እንደ ነዝናዛ አማት ሲያጉረመርም ይውላል። እንዲህ ባለ ቀን ሰው ከቤት አይወጣም፤ ወሬ ነው የሚወጣው። የወሬ ነገር ከተነሳ ዘንድ፣ አምና በዚሁ ወቅት ክው ያደረገኝን ጉድ ልንገራችሁ። ወላሂ፣ እስካሁን ሳስበው እጄ ሳላዘው ደረቴ ላይ ይሄዳል።

እኛን መቼም ታውቁናላችሁ። ሠርግ ሲሆን ወሬው ገና ሽማግሌ ሳይላክ ሌላው ከተማ፣ ሊንውድ ይደርሳል። ሞት ሲሆን ግን ሥርዓት አለው። ባለቤቱ እንዳይሰማ ሰፈሩ ሁሉ አፉን ይይዛል፣ ስልኩ ይደበቅበታል፣ ሆዱ እያረረ ጥርሱ የሚስቅ ሰው አጠገቡ ይቀመጥለታል። ከዚያ ማለዳ፣ ፊቱን እንኳ ሳይታጠብ፣ ሽማግሌውና ሴቶቹ ተሰብስበው በሩን ያንኳኳሉ። በማለዳ ተሰብስቦ የመጣ ሐበሻ ያየ ሰው፣ ማንም ሳይነግረው ይገባዋል።

"ዋይ? ለምን ጀስት ኮል አታደርጉም?" ትለኛለች የልጅ ልጄ ሰሚራ።

ኮል አድርጉ! ሰው ብቻውን፣ በአንድ እጁ ድስት በአንድ እጁ ስልክ ይዞ፣ የልጁን ሞት ይስማ? ሲወድቅ ማን ይያዘው? ስልኩ? መርዶ ደጋፊ ይፈልጋል፣ ልጆቼ። ይህን ያህል የለፈለፍኩት በከንቱ አይደለም፤ ይህን ሥርዓት የማታውቅ አንዲት ጣሊያናዊት ጎረቤት ስላለችኝ ነው።

ፒና ትባላለች። ሬኒየር ቢች ሰፈር ካለው ፎቃችን በሯ ከበሬ ፊት ለፊት ነው። ባሏ ድሮ ሞቶባት ከአንድ ልጇ ጋር የቀረች ሴት ናት። ልጇ ሬናቶ ኳስ ተጫዋች ነው፤ ያውም ለጨዋታ ሳይሆን ለእንጀራው። ባገሩ ስንት ክለብ ሲዞር ኖሮ፣ ወደ ጨዋታ ዘመኑ ማምሻ ላይ አሜሪካ መጣ። እናቱም ተከተለችው፤ ግን አብሬው አልኖርም አለች። "እናቱ ሳሎን የተቀመጠች ወንድ ማን ታገባዋለች?" ነው ነገሩ። እዚህ ላይ እንኳ ከኛ ትበልጣለች።

እሷ እንግሊዝኛ የላትም፤ እኔም ያው። አማርኛ አታውቅ፣ እኔ ጣሊያንኛ አልተማርኩ፤ እንኳን ጣሊያንኛ ፊደልም አልቆጠርኩ። ታዲያ በምን ታወራላችሁ ትሉኝ ይሆናል። በመኪና! ባለቤቴ፣ አላህ ይርሐመው፣ ኮምቦልቻ መካኒክ ነበር። ፍሬን፣ ማርሽ፣ ካንዴላ፣ ፍሪሲዮን ሲል ዕድሜውን ጨረሰ። ለካስ ሰውዬው ሳላውቀው ጣሊያንኛ ሲያስተምረኝ ኖሯል! መጀመሪያ ቀን ደረጃው ላይ ጉልበቴን ይዤ ሳቃስት አይታኝ ቆመች። ጉልበቴን እያሳየሁ "ፍሪሲዮን" አልኳት። ሳቋን ለቀቀችው። ከዚያ ደረቷን መታ መታ አድርጋ "ሞቶሬ" አለችና እጇን እንደ ወንፊት አወዛወዘችው። ልቧ ደካማ ነው ማለት ነው። ገባኝ። ከዚያ ወዲያ እኔና እሷ ያላማነው ሰው የለም።

የሬናቶንም ሥራ ያስረዳችኝ በዚሁ ቋንቋ ነው። ቴሌቪዥኑ ፊት ተቀምጠን አየዋለሁ፤ ጎል አያገባ፣ ጎል አይጠብቅ፣ መሀል ሜዳ ላይ ወዲያ ወዲህ ይላል። ምን ይሠራል ይሄ ልጅ? በእጄ ጠየቅኳት። "ካምቢዮ" አለችኝ። አሃ! ሞተሩ ምን ቢያጓራ፣ ካምቢዮው ጉልበቱን ካላስተላለፈ ጎማው ይዞራል እንዴ? ከኋላ ይቀበላል፣ ወደ ፊት ይሰጣል። ያገባውን ተሸክመው ይጨፍራሉ፤ እሱ ወዲያ ቆሞ ካልሲውን ይስባል። ሠርግ ቤት ሁሉን አብልቶ ጦሙን እንደሚያድር አሳላፊ። ወደድኩት።

የልጅነት ፎቶውንም አሳይታኛለች። የባሕር ጠረፍ ላይ ያለች ትንሽ ከተማ፣ ዓሣ አጥማጅ አባት፣ ጉልበቱ የተላላጠ ቀጫጫ ልጅ። ገና ድምፁ ሳይጎረንን በባቡር ሩቅ አገር ወስደው የክለብ ማደሪያ አስገቡት። አባቱ እግሩ እስከቻለ ይጫወት ብሎ መርቆት፣ ግን አንድ ቀን እንኳ በትልቅ ሜዳ ሳያየው ሞተ። ስለዚህ ፒና ጨዋታ ባለ ቁጥር አጠገቧ ወንበር ታስጠጋና የባሏን ቆብ ታስቀምጥበታለች። ለሁለት ነው የምታየው።

አምና ታዲያ ሬናቶ ከሜዳው ይልቅ ተቀያሪ ወንበር ላይ መታየት አበዛ። ለእናቱ "አሰልጣኙ እያሳረፈኝ ነው" ብሏታል። አንድ ቀን ሊጠይቃት መጥቶ፣ ስሟት፣ በሩ ከተዘጋ በኋላ እኔ በሬን ስከፍት ደረጃው ላይ አየሁት። መደገፊያውን በሁለት እጁ ጨብጦ፣ እንደ እኔ እንደ አሮጊቷ፣ አንድ አንድ እያለ ይወርዳል። ዞሮ አየኝ። ጣቱን ከንፈሩ ላይ አደረገ።

"ኖና ሀዋ" አለኝ፤ በነሱ አያት ማለት ነው። ጉልበቱን ነካና "ፍሪሲዮን ፊኒቶ" አለ። ከዚያ የእናቱን በር አሳየኝ፤ ደረቱን ነካ፤ "ሞቶሬ"።

ጉልበቱ አልቋል፤ ቢነግራት ልቧ አይችልም። አፌን ያዝኩ። መርዶ መደበቅ እንደሆነ ለኛ ብርቅ አይደለም።

እንዲህ ሆነን ሰንብተን፣ አንድ ቀን አመሻሽ ላይ ሰሚራ ያስለመደችኝን ስልክ በአውራ ጣቴ እያንሸራተትኩ ነበር። ባላነብ ፎቶ ማየት ማን ይከለክለኛል? ድንገት ሬናቶ ድቅን አለብኝ። ጥቁርና ነጭ። አንገቱን ደፍቶ፣ ጀርባውን ሰጥቶ፣ ከሜዳ ሲወጣ። ከሥሩ ሁለት ዓመተ ምሕረት፣ መሀላቸው ጭረት። ከዚያ በታች የተሰበረ ልብና ለጸሎት የተጋጠሙ እጆች።

በሉ እስቲ እናንተው ፍረዱ። በኛ ሰው ስልክ ላይ ጥቁርና ነጭ ፎቶ ከነሁለት ዓመቱ ለምን ይወጣል? ለልደት?

ሻሼን እንኳ ሳላስተካክል መንገዱን ተሻግሬ ወደ ሸምሱ ሱቅ በረርኩ። ሸምሱ ባለሱቅም ነው፣ የእድራችን ሰብሳቢም ነው።

"እማማ ሀዋ፣ ጽሑፉ እንግሊዝኛ አይደለም እኮ፤ በነሱ ቋንቋ ነው" አለ መነጽሩን ግንባሩ ላይ እየሰቀለ። "ቁጥሩ ግን... ኢና ሊላሂ!" ከዚያ ቁጥሩን ደግሞ አየና ጠረጠረ። "ቆዩ፣ አንቱ፤ ይሄ የመጀመሪያው የተወለደበት ከሆነ ልጁ ገና ጢም አላወጣም።"

"ዕድሜውን ቀንሶ ነዋ! ስንቱ ቀንሶ አልመጣም? አንተ ራስህ በወረቀትህ ከታናሽ ወንድምህ ታንስ የለ!"

መነጽሩን ወደ ዓይኑ መለሰና ስልኩን አነሳ።

ሬናቶ ጋ ደወልን፤ ስልኩ ዝግ ነው። ሰሚራ ጋ ደወልን፤ ሊንውድ የሌሊት ሥራ ላይ ናት፣ አታነሳም። ሌክ ሲቲ ያለችውን ብርሃኔን ጠራናት፤ ልቅሶ ላይ እሷን የሚያህል የለም፣ ሙሾ ስታወርድ ድንጋይ ታስለቅሳለች።

"ቆይ፣ ጉልበት ሰው ይገድላል እንዴ?" አልኳት።

"ደም ረግቶ ነዋ፣ እትዬ ሀዋ! ከጉልበት ይነሳና ቀጥ ብሎ ልብ!" አሜሪካ ከገባን ወዲህ ሁላችንም ሐኪም ነን።

አሁን የቀረችው ፒና ናት። ያቺ ደካማ ልብ ይህን ከስልክ መስማት የለባትም። ሄድኩላት። ቤቱ ሳልሳ ሳልሳ ይሸታል። "ሬናቶ! ዶማኒ!" አለችኝ በደስታ። ነገ ይመጣል ማለቷ ነው፤ ወጡን የምትሠራው ለሱ ነው። ዓይኔ ሞላ። ሽንኩርቱን አሳየኋትና ዞርኩ። ምስኪን፣ ሬሳ እንደሚመጣላት የት አውቃ! ዞር ስትልልኝ ስልኳን ደረቴ ውስጥ ከተትኩ፤ የቴሌቪዥኑንም ገመድ ከግድግዳው ነቀልኩ። ከዚያ ቤቴ ገባሁ። ስልኩ ደረቴ ላይ አሁንም አሁንም ይንዘረዘራል። ዘመዶቿ ናቸው፤ ካገር ቤት ሊያረዷት እኮ ነው፣ በስልክ! ይሉኝታ የሌላቸው!

ሱብሂን ሰግደን በሯ ላይ ተሰበሰብን። ሸምሱ ከፊት፣ ብርሃኔ ነጠላዋን አዘቅዝቃ ከጎኔ፣ የእድሩ ሴቶች ድስት ድስታቸውን ይዘው ከኋላ። አንኳኳን። ፒና በሌሊት ልብሷ ከፈተች። ያን ሁሉ ሰው፣ ያን ሁሉ ነጠላ፣ ያን ሁሉ ድስት አየች። የኛ ሰው ቢሆን እዚያው ደፉ ላይ ይወድቅ ነበር። እሷ ግን አጨበጨበች!

"ፌስታ!" አለች። በዓላችንን ከሷ ጋር ልናከብር የመጣን መስሏት።

ጫማችንን በር ላይ ከምረን ገባን። ወንበር ታቀርባለች፣ ትስቃለች፣ ትስመናለች። የባሏን ቆብ ከወንበሩ አንስታ ሸምሱን አስቀመጠችውና ቆቡን ጭኑ ላይ አኖረችለት። ሸምሱን ላብ አጠመቀው።

"ሲኞራ ፒና" ብሎ በእንግሊዝኛው ጀመረ፤ "ሶ... ሰው ሁሉ እንግዳ ነው... ኦኬ... የሰጠ ጌታ ይወስዳል..." መርዶ በቀጥታ አይነገርምና ያዞራል፣ ያዞራል። እሷም አንዱም ሳይገባት በፈገግታ ራሷን ትነቀንቃለች። ብርሃኔ አንጀቷ አልቻለም።

"ወይኔ ሬናቶ! ወይኔ የመሀል ሜዳው!" ብላ ደረቷን ስትደልቅ፣ ቤቱ በአንድ ጊዜ አለቀሰ።

ስም መቼም አስተርጓሚ አያሻውም። ፒና ቀስ ብላ ወደ እኔ ዞረች። "ሬናቶ?" አለችኝ። ምን ልበላት? በመኪና ቋንቋ ለዚህ ቃል የለም። ዓይኔን ሰበርኩ። እጇ ወደ ደረቷ ሲሄድ አየሁ፤ ሳትወድቅ ሮጬ አቀፍኳት።

ይሄኔ ደረቴ ጮኸ።

አውጥቼ ብመለከተው ሬናቶ ነው። ጥቁርና ነጭ አይደለም፤ በቀለም፣ ጥርሱን ገጥጦ። ሟች እየደወለ! "አዑዙ ቢላሂ!" ብዬ ስልኩን ብወረውረው ሸምሱ ጭን ላይ አረፈ፤ ሸምሱም እንደ ፍም አራገፈው። ፒና ከእቅፌ ተስፈንጥራ አነሳችውና ስሙን ጠርታ ጮኸች። ልጁ ታች መኪናውን ፓርክ አድርጎ ኖሯል። የእናቱን ጩኸትና የሴቶቹን ልቅሶ ሰማ፤ ያን የፈረሰ ጉልበቱን እየጎተተ ደረጃውን ወጣ። በሩ ላይ የጫማ ክምር፣ ውስጥ የሚያለቅስ ሰው። "ማማ!" ብሎ ገባ፤ እሱ ደግሞ እሷ የሞተች መስሎት።

ማን ለማን እንደሚያለቅስ ጠፋ። እናት ልጇን ይዛ፣ ልጅ እናቱን ይዞ፤ ብርሃኔ ደግሞ አንዴ ጀምራዋለችና ማቆም አቃታት። በዚህ መሀል ሰሚራ ከሥራ ደረሰች። ፎቶውን አሳየኋት።

"ኦ ማይ ጋድ፣ አያቴ! ሂ ሪታየርድ! ኳስ ሲያቆሙ ሁሉም እንዲህ ዓይነት ፎቶ ይለጥፋሉ! ዓመቶቹ መጫወት የጀመረበትና ያቆመበት ነው!"

አፈርን። መሬት ግን አልተከፈተችልንም።

አሁን ግን ሌላ ነገር መጣ። ሬናቶ ማታውን ስልኩን ዘግቶ አድሮ በማለዳ የመጣው ለካ እሱም መርዶ ይዞ ነው። ፎቶው ቢቀድመውም፣ ሌላ ሰው ሳይነግራት ፊት ለፊት ሊነግራት። እንበረከካለሁ ሲል ጉልበቱ እምቢ አለው፤ ወለሉ ላይ ዘጭ አለ። በቋንቋቸው ብዙ አወራ። እኔ የሰማሁት "ፓፓ" ሲልና "ፊኒቶ" ሲል ብቻ ነው። ዓይኑ ሸምሱ ጭን ላይ ካለው የአባቱ ቆብ አልተነቀለም። ሁላችንም የፒናን ደረት እናያለን። ያቺ ሞቶሬ አሁን ልትቆም ነው አልኩ።

ፒና ልጇን ረጅም ጊዜ አየችው። ከዚያ በጥፊ አጮለችው። ከዚያ የመታችውን ጉንጭ ሳመችው። "ፊኒቶ? ፊኒቶ!" እያለች ሳቀች፣ እንባዋ እየወረደ ሳቀች፤ ቆቡን ከሸምሱ ጭን ነጥቃ ልጇ ራስ ላይ ደፋችው።

ሞቱን ለተረዳች እናት ጡረታው ምሥራች ነው። ስንት ወር ፈርቶ የደበቀው ነገር ዕድሜ ለኛ ስሕተት እንደ ላባ ቀለለላት። መርዶ ደጋፊ ይፈልጋል ብያችሁ የለም? ደጋፊው ሌላ መርዶ ይሆናል ብዬ ግን እኔም አላሰብኩም። ምግቡማ ምን ይደረጋል፤ ለልቅሶ የመጣው ለደስታ ተበላ፤ የፒናም ሳልሳ ተጨመረበት።

ከዚያ ወዲህ ያው ኑሮ ነው። ሸምሱ ሰው ሞተ ሲሉት መጀመሪያ ሟቹ ጋ ደውሎ ያጣራል። ብርሃኔ ለሬናቶ ያወረደችው ሙሾ መሀል ላይ በመቋረጡ እስከ ዛሬ ይቆጫታል። ሰሚራን ፎቶዬን ጥቁርና ነጭ እንዳታደርግ አስምያታለሁ። ፒና እድራችን ገብታለች፤ ልቅሶ ቤት ነጠላዋን አዘቅዝቃ፣ የፓስታ ድስቷን ይዛ ከሁላችን ቀድማ ትገኛለች። ሬናቶ የሰፈሩን ሴት ልጆች ኳስ ያሰለጥናል። እሷም ወንበሯንና ቆቡን ይዛ ሜዳው ዳር ትቀመጣለች። ጉልበቱን አክመውታል፤ ግን እንደ ድሮው አልሆነም። እናቱን ጠይቆ ሲመለስ ደረጃውን የሚወርደው አሁንም አንድ አንድ እያለ ነው። በሩ ግን ክፍት ነው፤ ታች እስኪደርስ ቆማ ታየዋለች።