አለቃዬና የአያ ሞላ ጣሪያ

ችግር ሲደርስ ሳይሆን ችግር ሲቃለል የሚቆጣ ሰው አጋጥሟችሁ ያውቃል? እኔን አጋጥሞኛል፤ ያውም አለቃዬ ነው።

ጃናሞራ ውስጥ ናዳ ቤታቸውን ላፈረሰባቸው ለአያ ሞላ የእርዳታ ድርጅታችን ሊሠራላቸው ላሰበው ቤት መሠረት ልንጥል ከጎንደር ሄድን። ስንደርስ ጎረቤት በደቦ ሠርቶ ጨርሶታል። አለቃዬ ስሙ የተቀረጸበትን የመሠረት ድንጋይ ታቅፎ ቀረ።

«የድርጅታችን ጥናት ሳያልቅ ማን ፈቀደላችሁ?» አለ።

«ምነው ጌታዬ፣ ክረምቱ ጥናት ይጠብቃል?» አሉ አያ ሞላ።

«እንግዲያውስ ሥራ ስንጀምር ለምንነሳው ፎቶ ያህል ጣሪያውን አንሱት» ብሎ እርፍ!

ወዲያው በረዶ ወረደ። ቀድሞ ዘሎ የገባው ማን ይመስላችኋል? አያ ሞላ እሳት አነደዱለት፤ መደባቸውን ለቀቁለት። እሱስ ካልሲውን እያደረቀ ምን ቢል ጥሩ ነው?

«ይህ ቤት ለሰው መኖሪያ አይሆንም።»

በረዶው እስኪያባራ ግን ንቅንቅ አላለም።